የጎረቤቴን ከተማ የያዝኩበት ቀን

በወጣትነቴ የንጉሡ ወታደር ነበርኩ። ወታደር ነበርኩ ስል ግን ጀግና እንዳይመስላችሁ፤ ሥራዬ ግመልና በቅሎ መጫን ነበር። ጠመንጃ ይዣለሁ፣ ዒላማም ተኩሻለሁ፣ ሰው ላይ ግን አልተኮስኩም። ከተማ ይዤም አላውቅም። ከተማ የያዝኩት ባለፈው ዓመት ቅጠል በሚረግፍበት ወር ነው፤ በሰባ ስምንት ዓመቴ፣ እዚህ ኦሃዮ፣ ኮሎምበስ ዳር ባለችው ሂሊያርድ፣ በልጄ ቤት ጓሮ። በመያዜም በጣም ተጸጸትኩ። ነገሩን ቀስ ብዬ ላውጋችሁ።

ከእኛ ሁለት ቤት አለፍ ብሎ አንድ ሽማግሌ ይኖራል። አገሩ ኡዝቤኪስታን ነው። ልጁ በዲቪ መጥቶ ኋላ አባቱን አስመጣ፤ የእኔም ልጅ እንደዚያው ናት። እሱ በሙያው ግንበኛ ነበር። ሚስቱ ሞታለች፣ የእኔም ሞታለች። ልጁ ትራክ ይነዳል፣ ልጄ ነርስ ናት፤ ጠዋት ሁለቱ ከወጡ እስኪመለሱ ድረስ ሰፈሩ የሚቀረው ለእኔና ለእሱ ነው። «አካ» ይለኛል፤ በእነሱ ቋንቋ ጋሼ እንደ ማለት ነው። እኔም አካ እለዋለሁ። ማን እንደሚበልጥ አላጣራንም። የእኔን የልደት ቀን ፎርም ላይ የሞላልኝ ሌላ ሰው ነው፣ የእሱንም ሌላ ሰው ነው የሞላለት።

የምንነጋገረው በእንግሊዝኛ ነው፤ እንግሊዝኛ ከተባለ። እኔ መጋዘን ስሠራ የለቀምኩት አለኝ፣ እሱ ከቴሌቪዥን የለቀመው አለው። ሁለቱ ሲደመር ለአንድ ሰው ይበቃል። የቀረውን በእጅ እንሞላዋለን። እዚህ የጻፍኩትን ንግግር ሁሉ ከዚያ ነው የቀዳሁት፤ ከተነገረው ይልቅ አምሮ ከተገኘ ጥፋቱ የእኔ ነው።

ከሰዓት በኋላ አረንጓዴ ሻዩን በማንቆርቆሪያ ይዞ ወደ ጓሯችን ይመጣል። ሜፕል ከሚሉት ዛፍ ሥር ሣር የማይበቅልበት ቦታ አለ። አንድ ቀን እዚያ ተንበርክኮ፣ አፈሩን በውሃ አላቁጦ፣ በእጁ ግንብ መሥራት ጀመረ። የግንበኛ እጅ ስለሆነ ቶሎ ቆመለት። ማማውን ሠራ፣ በሮቹን በጣቱ በሳ፣ በሰሜን በኩል ወንዝ አሰመረ። ከዚያ ወደ ኋላ ሄዶ አየውና፣

«ኺቫ» አለኝ። «የእኔ ከተማ።»

ኺቫ በጭቃ ግንብ የታጠረች ጥንታዊ ከተማ ናት፤ ዙሪያዋ ማለቂያ የሌለው የሣር ሜዳና በረሃ ነው። የሩሲያ ንጉሠ ነገሥት በድሮ ዘመን ሊይዛት ጦር ሰደደ። ታሪኩን ከአያቱ ነው የሰማው፣ አያቱም ከአባታቸው። ጠጠር ለቅመን ወታደር አደረግን። ባክአይ የሚሉት ቡናማ ፍሬ በዚያ ወር በየመንገዱ ይወድቃል፤ እሱን ግመል አደረግነው።

ያ ጦር የዘመተው በክረምት ነው። በበጋ ውሃ ስለሌለ በረዶውን እያቀለጥን እንጠጣለን ብለው ነው አሉ። በዚህ ጊዜ ነው እኔ የገባሁበት።

«ግመል በበረዶ ላይ?» አልኩት። «የግመል እግር ለአሸዋ ነው የተሠራው። ያንሸራትተዋል።»

«አንሸራተተው» አለ ደስ ብሎት።

«ከተኛ ደግሞ አይነሳም። እኔ አውቀዋለሁ። ጅራቱን ብትጠመዝዝ፣ ብትለምነው፣ ብትሰድበው፣ ተኛሁ ካለ ተኛ ነው።»

«ተኙ! ሁሉም ተኙ!» አለና ባክአዮቹን አንድ በአንድ በጎናቸው አጋደማቸው።

በመንገዱ አጋማሽ ላይ ጦሩ ግመሉን ቀብሮ፣ በሽተኛውን ተሸክሞ፣ የከተማዋን ግንብ ሳያይ ተመለሰ። ጎረቤቴ ጠጠሮቹን ሰብስቦ ወደ አጥሩ ወርውሮ «ከተማዋ ዳነች» ይልና ሻይ ይቀዳልኛል። ይህን ዘመቻ ስንት ከሰዓት በኋላ እንዳዘመትነው አላውቅም። አንዳንዴ እኔ የጦሩ ጫኝ እሆንና «ይህን ያህል ብስኩት ለምን ጫናችሁ፣ ገለባ ጫኑ» እያልኩ ከመኮንኖቹ ጋር እጣላለሁ። እሱ ይስቃል። ሳቁ ድምፅ የለውም፣ ትከሻው ብቻ ነው የሚንቀጠቀጠው። ከመጋዘን ጡረታ ከወጣሁ ወዲህ እንደዚያ ጊዜ ቀኑ ያጠረልኝ የለም።

ሁልጊዜ ግን በረዶው ላይ ያበቃል። በማግስቱ እንደገና ከመነሻው ነው። አንድ ቅዳሜ ልጄን፣

«ስለዚች ከተማ እስቲ ስልክሽ ላይ እይልኝ» አልኳት።

«ሰርች ላድርግልህ አባዬ» አለችና ሶፋው ላይ ጋደም ብላ ስታነብ ቆየች። «ከብዙ ዓመት በኋላ ድጋሚ መጥተዋል እኮ። በተለያየ አቅጣጫ ነው የመጡት። አንደኛው ጦር ውሃ ጠፍቶበት ከመንገድ ተመለሰ።»

«የጫኙ ጥፋት ነው።»

«ሌሎቹ ግን ደረሱ። የኺቫው ንጉሥ ሸሸ። በአንድ በኩል እጅ እየሰጡ በሌላ በኩል ተኩስ ነበር ይላል። ከዚያ ገቡ። ተያዘች አባዬ። ኢትስ ኦቨር።»

እኔ ሞኙ ጎረቤቴ ይህን አያውቅም ብዬ አሰብኩ። ወይም እርጅና አስረስቶት ይሆናል ብዬ። ደግሞም የወታደር ልማድ አለብኝ፤ እኛ ዘንድ ሪፖርት መጨረሻው ካልተነገረ ሪፖርት አይደለም። ሰኞ ዕለት እሱ ከመምጣቱ በፊት ወጥቼ ጠጠሩን በየአቅጣጫው ደረደርኩ። ግመሎቹን በደንብ አራርቄ አቆምኩ። አንዱን ጦር ውሃ አሳጥቼ መለስኩት። ሌሎቹን ከግንቡ ሥር አደረስኳቸው። እሱ ማንቆርቆሪያውን ይዞ ሲመጣ በኩራት ተነስቼ ቆምኩ፤ ሰላምታ መስጠት ነበር የቀረኝ።

«ጨረስኩልህ አካ» አልኩት። «ሁለተኛው ዘመቻ። ከተማዋ ተያዘች።»

ማንቆርቆሪያውን እንደያዘ ጠጠሮቹን ያያል። እኔ ዝም ማለት ሲገባኝ ጎንበስ ብዬ አንዱን በር በአውራ ጣቴ ገፋሁት፣ ጭቃው ወደ ውስጥ ወደቀ።

«እንዲህ ያለ ግንብ በመድፍ ብቻ አይገባም» አልኩ። «ሁልጊዜ ከውስጥ አንድ የሚከፍት ሰው አለ።» ሳቅሁም።

«ማን ነገረህ?» አለኝ።

«ማን ይነግረኛል? አሮጌ ወታደር አይደለሁም እንዴ?»

የማንቆርቆሪያውን ክዳን ገጠመ፣ ሁለቱን ስኒ ኪሱ ከተተ፣ ሄደ። አልተቆጣም፣ አልተሳደበም። ጀርባውን እያየሁ እጄ ላይ ያለው ጭቃ ደረቀ።

በማግስቱ አልመጣም። በሦስተኛውም ቀን። በአራተኛው ቀን ፖስታ ሳጥኑ ዘንድ አገኘሁትና «ሶሪ» አልኩት። «ኖ ፕሮብለም» ብሎኝ አለፈ። እዚህ አገር ብዙ ዓመት ኖሬአለሁ፤ ኖ ፕሮብለም ማለት አንዳንዴ በሩ ተዘጋ ማለት እንደሆነ አውቃለሁ። ስድብ ቢሰድበኝ ይሻለኝ ነበር።

ልጄ «ቴክስት አድርግለት» አለች። «ምን ብዬ?» አልኳት። «ያጠፋኸውን ነዋ።» ያጠፋሁትን መች አወቅሁት።

ከዚያ የጎረቤቴን ልጅ ትራኩን ሲያጥብ አገኘሁት። አባቱ በሚቀጥለው ሳምንት ሐሙስ ወደ አገሩ እንደሚበር ነገረኝ። ለክረምቱ ነው፣ በብርዱ እዚህ ቤት ተዘግቶበት ከሚከርም ከዘመድ ጋር ይሁን ብለው። «ይመለሳል?» አልኩት። «ከፈለገ» አለ ትከሻውን ሰብቆ። በእኔና በእሱ ዕድሜ ላይ ያለ ሰው እንደዚያ ተለያይቶ ከሄደ መገናኛው የት ነው? የሚያሳዝነኝ ብቻዬን መቅረቴ ብቻ አልነበረም። ከዚህ በፊት እንዲህ የተለየሁት ሰው ስለነበረኝ ነው።

ሐረር ላይ ወታደር ሳለሁ ከግንቡ ውስጥ፣ ጀጎል፣ አንዲት አሮጊት ዘንድ ቤት ተከራይቼ ነበር። ኮፍያ እየሰፉ የሚኖሩ ደግ ሴት ነበሩ። ብርድ ሲይዘኝ አብሽ አፍልተው ያጠጡኝ ነበር። አንድ ቀን ደጃፍ ላይ ተቀምጠን ወደ ከተማዋ በር እየጠቆምኩ፣ «የእኛ ንጉሥ ጦር በዚህ በኩል ነው የገባው ይላሉ» አልኳቸው። ልጅነት ነው፤ ደረቴን ነፍቼ ነው ያልኩት። እሳቸው መርፌያቸውን ክር እያስገቡ፣ «አዎ ልጄ፣ እኛ ውስጥ ነበርን» አሉኝ። ሌላ ቃል አልጨመሩም። ከዚያ ወዲህ የቤት ኪራይ ስሰጣቸው ይቀበሉኛል፣ ሰላም ስላቸው ይመልሳሉ፣ አብሹ ግን ቀረ። ብዙም ሳይቆይ ወደ ሌላ ቦታ ተዛወርኩ። ይቅርታ ልበል ብዬ እንኳ አላሰብኩም፤ ምን አጠፋሁና? ማጥፋቴ የገባኝ ሂሊያርድ ፖስታ ሳጥን አጠገብ ቆሜ ነው፣ ከሃምሳ ዓመት በኋላ።

ስለዚህ እሑድ ከቅዳሴ በኋላ ሁለት ሽማግሌ ለመንኩ። አንደኛው ክሊንተንቪል ሰፈር የሚኖሩ፣ ከእኔ የሚበልጡ ጋሼ ናቸው፤ ድሮ አስተማሪ ነበሩ፣ ትዳርም ዕድርም ሲጣላ የሚጠሩት እሳቸው ናቸው። ሌላው ታክሲ ሲነዳ ኖሮ ጡረታ የወጣ፣ ከእኔ የሚያንስ፣ አፉ የማያርፍ ሰው ነው። ነገሩን ስነግራቸው ጋሼ እስከ መጨረሻው ሰሙኝ።

«ሰውየው ሙስሊም ናቸው?» አሉኝ።

«አዎ ጋሼ።»

«የሌላ አገር ሰው ናቸው። ሽምግልና ያውቃሉ?»

ታክሲ ነጂው ቀደመኝ። «ሽማግሌ የሌለው አገር አለ እንዴ ጋሼ? እዚህም አለ፣ ሎየር ይሉታል።»

ጋሼ አልሳቁም። «ስንመጣ ድንጋይ ይዘህ ጠብቀን» አሉኝ። የበደለ ሰው ድንጋይ ተሸክሞ፣ አጎንብሶ፣ ተበዳይ አውርድ እስኪለው ይቆማል፤ የእኛ ወግ ነው። እኔ ያየሁት ልጅ ሆኜ ነው። ኮሎምበስ ውስጥ ግን ድንጋይ ተሸክሞ በር ያንኳኳ ሰው መኖሩን እንጃ።

ማክሰኞ ከሰዓት በኋላ መጡ። ልጄ አበባዋን ዙሪያውን በድንጋይ ከባዋለች፤ ከዚያ መሃል ትንሿን አነሳሁ። ታክሲ ነጂው አየኝና፣

«ኧረ ትልቁን አንሳ» አለኝ። «የሰው ዶሮ አይደለም የነዳኸው፣ ከተማ ነው የያዝከው።»

መካከለኛውን አነሳሁ። ማጅራቴ ላይ ጫንኩትና በሁለት እጄ ደገፍኩት። የልጅነት ጭነት እንዳይመስላችሁ፣ ከበደኝ። ሁለት ቤት ማለፍ ሩቅ መንገድ ሆነ። አንዲት ውሻ የምታናፍስ ሴት «አር ዩ ኦኬ?» አለችኝ። ታክሲ ነጂው «ሂ ኢዝ ጊልቲ» አላት።

ጎረቤቴ ራሱ ከፈተ። ጥልፍ ቆቡን አድርጓል። መጀመሪያ ጋሼን አየ፣ ቀጥሎ ታክሲ ነጂውን፣ ከዚያ አጎንብሼ የቆምኩትን እኔን።

«ምንድን ነው?»

«ድንጋይ ነው» አለው ታክሲ ነጂው። እንግሊዝኛው ከሁላችን ይሻላል። «ይህ ሰው በድሎዎታል። በአገራችን የበደለ እንዲህ ሆኖ ነው የሚመጣው።»

ጎረቤቴ ወደ ሁለቱ ዞረ። «እናንተስ?» አለ። «ምን አደረጋችሁ?»

«እኛ ምንም አላደረግንም። አስታራቂ ነን።»

«ግቡ፣ ግቡ» አለ። እንግዳ በር ላይ ማቆም በእነሱም ነውር ነው። ሁለቱን አስቀመጣቸው፤ ዳቦና ዘቢብ አቀረበ። እኔንም ተቀመጥ አለኝ። አልቀመጥም አልኩ፤ አውርድ ሳልባል እንዴት እቀመጣለሁ? ሳሎኑ መሃል ድንጋዬን ተሸክሜ ቆምኩ። የማየው ምንጣፉን ብቻ ነው።

ጋሼ ጉሮሯቸውን ጠርገው፣ በእርጋታ፣ በአማርኛ ጀመሩ፤ ታክሲ ነጂው ይተረጉማል። «ይህ ሰው የወንድሙን ልብ ሰብሯል። በምን እንደሰበረው ግን በትክክል አያውቅም። ይንገሩትና ይወቀው። ከዚያ ይቅር ማለትም አለማለትም የእርስዎ ነው።»

ድንጋዩ ከብዶኛል፣ ላቤ አፍንጫዬ ጫፍ ላይ ተንጠልጥሏል፤ ልብ ብዬ ግን እሰማለሁ።

«የአያቴ አባት የበር ዘበኛ ነበር» አለ ጎረቤቴ።

ቀስ እያለ ነው የተናገረው። ሁለተኛው ጦር ከግንቡ ሥር ሲደርስ ንጉሡ ሸሽቷል። አንደኛው ወገን አንገዛም ይላል፣ ሌላው እንግባባ ይላል፣ መድፉ ደግሞ ማንንም አይጠብቅም። የአያቱ አባት ሚስቱና ልጆቹ ከኋላው ናቸው። በሩን ከፈተ። ማን አዘዘው፣ ማንም ሳያዘው ከፈተ፣ አይታወቅም። ብቻ እሱ ከፈተ። ከዚያ ወዲህ ያ ቤተሰብ በሰፈሩ «የከፋቹ ልጆች» ተባለ። ንጉሥ ሄደ፣ ሌላ መንግሥት መጣ፣ እሱም ሄደ፤ ስሙ ግን አልሄደም። እሱም ትምህርት ቤት ሳለ በዚያ ስም ተደባድቧል። ለዚህ ነው አያቱ ታሪኩን ሲያወሩ ሁልጊዜ በረዶው ላይ የሚያበቁት።

«ኦሃዮ ማንም አያውቀኝም ብዬ ነበር» አለ። «አንተ በሩን ገፋህና ‹ከውስጥ የሚከፍት አለ› አልከኝ። ሳቅህ። ወሬው እዚህ ድረስ ተከትሎኝ መጣ ብዬ አሰብኩ።»

ከድንጋዩ ሥር ሆኜ መልስ መስጠት ቸገረኝ። «አላወቅሁም አካ» አልኩ። «እውነቴን ነው፣ አላወቅሁም። እኔ ከፋቾቹን አላውቅም። እኔ በበሩ የገቡት ሰዎች ልጅ ነኝ።» ስለ ሐረሯ አሮጊትም ነገርኩት። «እኛ ውስጥ ነበርን» ያሉኝን ታክሲ ነጂው ሲተረጉምለት አንዴ ድገምልኝ አለ። ደገመለት።

ጋሼ፣ «አንድ ነገር ልጠይቅ» አሉ። «በሩን የከፈቱት ሰው ልጆች ተረፉ?»

«ተረፉ። አንዱ አያቴ ነው።»

«እና እርስዎ እዚህ አሉ።»

«አለሁ።»

«ተመስገን» አሉ ጋሼ፣ ሌላም አልጨመሩ። አስተማሪ ሆነው ሳለ ትምህርት አለማብዛታቸውን የዚያን ቀን ወደድኩላቸው።

ጎረቤቴ ቀና ብሎ አየኝ መሰለኝ፤ የእሱን እግር ነው የማየው፣ እግሩ ወደ እኔ ዞረ።

«ግን እስካሁን ለምን ተሸከመው?» አለ።

«አውርድ ስላላሉት ነዋ» አለ ታክሲ ነጂው። «እርስዎ ነዎት የሚሉት።»

«እኔ?»

«ማን ይበል? አሁን ካላሉት እዚህ ያድራል። ኋላ ሁለት በደል ይሆናል፣ አንድ የእሱ አንድ የእርስዎ።»

ጎረቤቴ ተነስቶ መጣ። አውርድ ማለቱን ትቶ ድንጋዩን በራሱ እጅ ከማጅራቴ ላይ አነሳ። የግንበኛ እጅ ነው፣ ክብደቱን መዘን መዘን አድርጎ ምንጣፉ ዳር ላይ አኖረው። ቀና ስል ዓይኔ ጨለመብኝ፤ ትከሻዬን ያዘኝ። ትከሻው ሲንቀጠቀጥ አየሁ፤ እያለቀሰ መስሎኝ ደነገጥኩ። ለካ እየሳቀ ነው።

«አካ» አለኝ፣ «ሶሪ ብቻ አይበቃም ነበር?»

«ብዬህ ነበር። ኖ ፕሮብለም አልከኝ።»

«ልጄ ነው ያስተማረኝ» አለ።

ጋሼ ቆመው ባረኩን፤ አሜን አልን። እሱም መዳፎቹን ዘርግቶ በቋንቋው ጸለየና ፊቱን ዳበሰ፤ አሁንም አሜን አልን። ከዚያ በኋላ የበላሁትን ያህል ዳቦ ከዚያ በፊት የበላሁ አይመስለኝም። ታክሲ ነጂው የከተማዋን መያዝ ከመነሻው ንገሩኝ እያለ አስቸገረ። ጎረቤቴ ነገረው፤ በረዶውን አልፎ፣ ጥማቱን አልፎ፣ እስከ በሩ ድረስ። በሩ ሲከፈት እኔን አየኝና፣ «እዚህ ጋ አያቴ ከእናቱ ቀሚስ ሥር ነበር» አለ። እንደዚያ ብሎ ሲጨርስ ፊቱ የቀለለው እኔ ድንጋዩ ሲወርድልኝ እንደቀለለኝ ነው።

ማታ ልጄ ከሥራ ስትመለስ አንገቴ አልዞር ብሎኝ አገኘችኝ። ቅባት አምጥታ ማጅራቴን እያሸች፣ «ምን ነክቶህ ነው አባዬ?» አለች። ሁሉንም ነገርኳት። ድንጋዩ የአበባዋ መሆኑን ስትሰማ እጇ ቆመ፣ ከዚያ መልሳ ማሸት ጀመረች።

«ሐሙስ ሲሄድ እንግዲህ ትሸኘዋለህ» አለችኝ።

«አዎ። ኤርፖርት ድረስ አብሬ እሄዳለሁ ብያለሁ።»

«እዚህ ጋ ነው የሚያምህ?»

«እዚያ ጋ ብቻ» አልኳት። «ሌላው ሁሉ ደህና ነው።»